ዋግምት ከዓይን ስር
በፍኖተ ሰላም ለሕዝብ የተደረገ የጤና ትምህርት ንግግር



ለዛሬ እንድናገርበት የተሰጠኝን ርእስ ስሰማ መጀመሪያ ፈገግ አልሁ። ጭንቀት በበዛበት በዚህ ዘመን ስለ ዓይን ስር ጥቁረት ሰው ሰብስቦ ማውራት ቅንጦት መሰለኝ። ኋላ ግን በቤታችን የሆነ አንድ ነገር ትዝ አለኝና እሺ አልሁ።

ባለፈው ክረምት የእህቴ ልጅ ከባሕር ዳር መጣች። ቦርሳዋን ስትፈታ ከልብሱ መካከል አውራ ጣት የምታህል፣ ለስላሳ፣ ሮዝ ቀለም ያላት ነገር ወደቀች። የሲሊኮን ኩባያ ናት፤ የሕፃን ጡጦ ጫፍ ትመስላለች። እናቴ አንሥታ አገላበጠቻት።

«ይቺ ደግሞ ምንድን ናት?»

«ፊት ላይ የምትደረግ ናት፣ እማዬ። የዓይን ስር ጥቁረት ታጠፋለች።»

«እንዴት አድርጋ?»

ልጅቱ ጨመቅ አድርጋ ጉንጯ ላይ ለጠፈቻትና ለቀቀቻት። ቆዳዋ ወደ ውስጥ ተሳበ፤ እቃዋም ሳትያዝ ተንጠልጥላ ቀረች። እናቴ ሳቋ መጣ። «አዬ ልጄ! ይኸማ ዋግምት ነው። ቀንዱ ጎማ ሆነ እንጂ!»

እናቴ ፊደል አልቆጠረችም። ነገር ግን በስልክ መስኮት በየቀኑ የሚታየውን ማስታወቂያ ሁሉ በአንድ ቃል ፈታችው። እውነቷን ነው፤ አዲስ ተብሎ የሚሸጠው እኛ ቤት ከሞሰቡ ጀርባ ተሰቅሎ የኖረው ነው። ስለዚህ ስለ ሮዟ ኩባያ ከመናገሬ በፊት ስለ ቀንዱ ልናገር።

ዋግምት ሲደረግ ያላየ ወጣት እዚህ ካለ፣ ነገሩ እንዲህ ነው። ቀንድ ይቆረጣል፣ ይፀዳል፣ ጫፉ ይበሳል። አጋሚው ሰፊውን አፍ ሕመምተኛው ቆዳ ላይ ይደፋና ጫፉን በአፉ ይስባል። አየሩ ሲያልቅ ቀዳዳውን በሰም ይደፍነዋል። ቆዳው እንደ ሊጥ ኩፍ ብሎ ቀንዱ ውስጥ ይነሣል። ከቆይታ በኋላ ቀንዱን ያነሣና ያበጠውን ቦታ በምላጭ ይበጣዋል፤ መልሶ ይደፋበታል፤ ያን ጊዜ ደም ይመጣል። ቀንድ ያላገኘ በብርጭቆ ይሠራዋል፤ ወረቀት አንድዶ ይጨምርና ሳይጠፋ ቶሎ ይደፋዋል። ራስ ምታት፣ ቁርጥማት፣ የወገብ ሕመም፣ ምች፣ «ደም ብዛት»፣ ለሁሉም ይሠራል ይባላል። አባቴ እስኪሞት ድረስ ትከሻው ላይ የቀንድ አፍ የሚያህሉ ሁለት ክብ ምልክቶች ነበሩት። እሱ ተሽሎኛል ይል ነበር፤ እኔም የአባቴን ቃል ሐሰት ነው ለማለት እዚህ አልቆምሁም። የታመመን ሰው ሌላ ሰው አጠገቡ ተቀምጦ፣ ነክቶት፣ ስሞታውን ሰምቶ ሲያክመው ግማሹ ሕመም የሚቀልበት ጊዜ አለ።

ከሁሉ የሚያሳምነው ግን የመጨረሻው ትርኢት ነው። አጋሚው ቀንዱን ገልብጦ ውስጡ የረጋውን ጥቁር ደም ያሳያል። «አየኸው? ሲበላህ የኖረው ይኸ ነው።» ማን ይከራከራል? በዓይኑ ያየውን! እዚህ ላይ ግን አንድ ነገር አስተውሉ። ከቆዳ ስር የሚቀዳ ደም ከኦክስጅኑ ከፊሉን ሰጥቶ የሚመለስ ደም ስላለበት ከመነሻውም ጠቆር ያለ ነው፤ ጥቂት ቆይቶ ሲረጋ ደግሞ ይበልጥ ይጠቁራል። ነገ ጧት ከመካከላችሁ ጤነኛውን፣ ጎልማሳውን፣ አራሹን መርጠን ብናግመው ቀንዱ ውስጥ የሚገኘው ያው ጥቁር ደም ነው። የተበላሸ ደም የሚባል ተለይቶ የተቀመጠ ደም በሰውነታችን የለም። ደሙ አንድ ነው፤ ሲዞር የሚውል።

ይህ ጥበብ የእኛ ብቻ እንዳይመስላችሁ። በቻይና ማዋንግዱይ በሚባል ቦታ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ168 ዓመት የተዘጋ መቃብር በ1973 እ.ኤ.አ. ሲከፈት የሐር መጻሕፍት ተገኝተውበት ነበር፤ በእነሱም ውስጥ በቀንድ ስቦ ማከም ተጽፏል። ቻይናዎችም እንደኛው በቀንድ ጀምረው ነው ወደ ቀርከሃና ብርጭቆ የሄዱት። የጥንቱ የግሪክ ሐኪሞች፣ የሂፖክራጥስ ወገኖች፣ ስለ ማገሚያ ኩባያ ጽፈዋል። በእስልምና ሒጃማ ይባላል፤ የዐረብኛውን ሐጀመ እና የእኛን አገመ አጠገብ ለአጠገብ ብታስቀምጧቸው ዝምድናቸው ለጆሮ የተሰወረ አይደለም። እንግሊዛዊው ጸሐፊ ጆርጅ ኦርዌል እንኳ በ1929 እ.ኤ.አ. ፓሪስ ውስጥ ታሞ ሆስፒታል ሲገባ በብርጭቆ አግመውታል፤ ታሪኩን ኋላ ራሱ ጻፈው፣ በደስታም አልነበረም። በእኛ ዘመን ደግሞ በነሐሴ 2008 ዓ.ም. በሪዮ ኦሊምፒክ ዋናተኛው ማይክል ፌልፕስ ትከሻውና ጀርባው ላይ ወይን ጠጅ ክቦች ታትመውበት ወደ ውኃው ሲገባ ዓለም ሁሉ አየው። ከዚያ ወዲያ ነገሩ ፋሽን ሆነ። ከጀርባ ወደ አንገት፣ ከአንገት ወደ ፊት ወጣ። አሁን ከዓይን ስር ደርሷል።

እዚህ ላይ ነው እኔ ቆም የምለው። የፌልፕስን ክቦች አስታውሱ። ምን ዓይነት ቀለም ነበራቸው? ጥቁር ወይን ጠጅ። ኩባያው ቆዳውን ሲስብ ከስሩ ያሉት እንደ ፀጉር የቀጠኑ የደም ስሮች ይሞላሉ፣ ይወጠራሉ፣ ይፈነዳሉ፤ ደሙ ሥጋው ውስጥ ይፈሳል። ይህ በዱላ ከመመታት የሚለየው በስሙ ነው። በለዘ እንላለን አይደል? ስቦ ማበለዝ ነው።

እንግዲህ ጥቁረትን ለማጥፋት የሚያበልዝ ነገር ማምጣት ማለት ምን እንደሆነ እናንተው ፍረዱ።

የበለዘ ቦታ በቀን በቀን ቀለሙን ሲለውጥ ሁላችንም አይተናል፤ ቀይ፣ ሰማያዊ፣ አረንጓዴ፣ ቢጫ እያለ ይጠፋል። የፈሰሰውን ደም ሰውነት እየበተነ ሲያነሣው የሚወጡት ቀለማት ናቸው። ደም ግን ብረት አለበት። ብረቱ ሁልጊዜ ተጠርጎ አያልቅም፤ አንዳንዱ እዚያው ቆዳው ውስጥ ይቀርና ዝገት የመሰለ ቡናማ እድፍ ይሆናል። የዛገ ቆርቆሮ ዝናብ ሲያልፍበት የነጣውን ግድግዳ እንዴት አድርጎ እንደሚያዥጎረጉረው ታውቃላችሁ፤ እንደዚያ ነው። በላዩ ላይ ሌላ ነገር ይታከላል። እንደ እኛ ያለ ጠይም ወይም ጥቁር ቆዳ ሲቆጣ፣ ሲጎዳ ወይም ሲቃጠል ቀለም ያበዛል። ብጉር ሲድን ጥቁር ነጥብ ጥሎ የሚሄደው ለዚህ ነው። ዛሬ አንድ ጊዜ፣ ነገ አንድ ጊዜ እያሉ ያንኑ ቦታ መሳብና መፈተግ የቆዳውን ቀለም መቀስቀስ ነው።

ከትከሻ ይልቅ ከዓይን ስር የሚከፋበት ምክንያትም አለ። በሰውነታችን ሁሉ እንደ ዓይን ሽፋንና እንደ ዓይን ስር የቀጠነ ቆዳ የለም፤ ግማሽ ሚሊ ሜትር ያህል ነው። የትከሻ ቆዳ ጋቢ ከሆነ ይህ ነጠላ ነው። ከስሩ ስብ የለውም ለማለት ይቻላል፤ ጡንቻውና ደም ስሩ ወዲያው ከጀርባው ናቸው። የጀርባ ቆዳ የሚችለውን ይህ አይችልም።

አሁን ወደ ጥቁረቱ ልምጣ። «የዓይን ስር ጥቁረት» የበሽታ ስም አይደለም፤ የቦታ ስም ነው። «ሆዴን አመመኝ» እንደማለት ነው። ሆድን በአሜባም በርሃብም በቁርጠትም ሊያም ይችላል፤ ሐኪሙ ሳይጠይቅ መድኃኒት ቢሰጥ ትስቁበታላችሁ። ኩባያዋ ደግሞ መጠየቅ አታውቅም።

አንዳንዱ ጥቁረት የዘር ነው። ከአያት ወደ እናት፣ ከእናት ወደ ልጅ ይወርዳል፤ ቀለሙ ራሱ እዚያ በዝቶ የተፈጠረ ነው። አንዲት ሴት መጥታ «ከልጅነቴ ጀምሮ ነው፣ እናቴም እንዲህ ናት፣ እህቶቼም እንዲህ ናቸው» ስትለኝ፣ የእናትሽ መልክ ነው እላታለሁ። ለዚህ የሚስብም የሚቀባም ነገር ብዙ አይረዳም፤ ቢቀንስም ጥቂት ነው። ሌላው ጥቁረት ጭራሽ ቀለም አይደለም፣ ጥላ ነው። ሰው ሲከሳ ወይም ሲያረጅ ከዓይኑ ስር ያለው ይጎደጉዳል፣ ጉድጓዱም ጥላ ይጥላል። እኛ «ዓይኑ ጎድጉዷል» የምንለው ይኸ ነው። ጥላን በምን ይስቡታል? ሌላው ደግሞ በቀጭኑ ቆዳ ውስጥ የሚታየው የደም ስር ነው፤ ወደ ሰማያዊ ወይም ወደ ወይን ጠጅ ያደላል፣ እንቅልፍ ያጣ ሰው ላይ ይጎላል። ሲነጋ ፈተና ያለበት ተማሪ፣ ማኅሌት የቆመ ደብተራ፣ የሚያለቅስ ሕፃን ያላት እናት ያውቁታል። አንድ ሁለት ሌሊት ሲተኙ ይቀንሳል።

በእኛ አገር ግን ከእነዚህ ሁሉ የሚበልጥብኝ ማሸት ነው። እጅ። ዓይኑን የሚያሳክከው ልጅ ቀኑን ሙሉ በመዳፉ ሲያሸው ይውላል፤ በተለይ አቧራና ሙቀት በሚበዛበት ወራት፣ አፍንጫው ሲዘጋና ሲያስነጥሰውም። ለአቧራ፣ ለአበባ ብናኝ ወይም ለሌላ ነገር ሰውነቱ ሲቆጣ የዓይኑ ዙሪያ ደም ይቋጥራል፣ ያብጣል፣ ይጠቁራል፤ በመታሸት ደግሞ ቆዳው ይወፍራል፣ ቀለሙም ይጨምራል። በርበሬ በሚለቀምበት ወቅት ወደ ቡሬና ወደ ጃቢ ጠህናን ገጠር ውጡና እዩ። ዛላውን ስታሰጣ፣ ስትቀነጥስ፣ ስትወቅጥ የዋለች ሴት ዓይኗን በዚያው እጅ ትነካለች፤ ያቃጥላታል፤ ታሸዋለች። ማታ ደግሞ ጭስ በሞላበት ጓዳ እንጀራ ትጋግራለች። ይህች ሴት ኩባያ አይደለም የሚያስፈልጋት። ጭስ የሚያወጣ ምድጃ፣ ከበርበሬ ስትነሣ እጇን የምትታጠብበት ሳሙና፣ ለማሳከኩ ደግሞ የጤና ባለሙያ የሚያዝላት ጠብታ ነው።

ስለ ኩልም ልበል፣ ሴቶቹ አትቆጡኝ። ኩል ከላይ ዓይንን ያሳምራል፤ ማታ ሳይታጠቡ ሲተኙበት ግን ወደ ታች ይወርድና ከስር ይቀመጣል፣ ለማጥፋትም ሲፈትጉት ቆዳው ይቆጣል። ከድንጋይ የሚፈጨው ኩል አንዳንዱ እርሳስ ይኖርበታል፣ ለሕፃን ዓይን ባይደረግ ይመረጣል። ከላይ በገንዘባችን እያጠቆርን ከታች በገንዘባችን ማንጣት፣ እኔ አልገባኝም።

የማንጣት ነገር ከተነሣ፣ ገበያ ላይ ያለ ስም የሚሸጡት ቆዳ የሚያነጡ ክሬሞች ውስጥ ብዙዎቹ ኃይለኛ ስቴሮይድ አላቸው። ያ ክሬም ከዓይን አጠገብ ለወራት ሲቀባ ቆዳውን ያሳሳዋል፣ የደም ስሮቹ ይበልጥ ይታያሉ፣ ከዚያም አልፎ በዓይን ውስጥ ያለውን ግፊት ከፍ አድርጎ ግላኮማ ሊያመጣ ይችላል። ከኩባያዋም የከፋ ነው። አለፍሁት።

አሁን ለኩባያዋ ፍትሕ ልስጣት። የእህቴ ልጅ ያሳየችኝ ማስታወቂያ ላይ ሴትየዋ መጀመሪያ ዘይት ትቀባለች፤ ኩባያዋን አንድ ቦታ አታቆማትም፤ ከአፍንጫ ወደ ጆሮ አቅጣጫ በቀስታ ታንሸራትታታለች። እንዲህ ከሆነ መሳቡ ደካማ ነው፣ ላያበልዝም ይችላል። ጠዋት ዓይኗ ስር እብጥ ብሎ የምትነሣ ሴት ደግሞ እንዲህ ስታደርግ እብጠቱ ሲቀንስ ታያለች። አልካድሁም። እብጠቱ ሌሊት በመጋደማችንና በእራት ጨው ምክንያት የተጠራቀመ ውኃ ነው። ሰው ተነሥቶ ሲቆም፣ ፊቱን ሲታጠብ፣ ወዲያ ወዲህ ሲል ውኃው በራሱ ይወርዳል። በቀዝቃዛ ውኃ የተነከረ ጨርቅ ወይም የቀዘቀዘ ማንኪያ ብታስደግፉበት ያው ነው። ከአልጋ መነሣታችን ለሠራው ሥራ ኩባያዋ ምስጋናውን ትወስዳለች። እብጠትና ጥቁረት ግን የተለያዩ ናቸው። ጥቁረትን በዚህ መንገድ ማጥፋት በጥናት የተረጋገጠ ሕክምና አይደለም። ዓይን ሽፋን ላይ ራሱ ማስቀመጥ፣ ወይም ደም የሚያቀጥን መድኃኒት ወይም አስፒሪን የሚወስድ ሰው መሞከር ደግሞ ጨርሶ አይገባም።

በማስታወቂያ የማይታይ ሌላም ነገር አለ። ኩባያዋ ያላረካት ሰው ወደ ምላጭ ትሄዳለች። «ዝም ብሎ መሳብ ምን ያደርጋል፣ ደሙ ይውጣ እንጂ» የሚል አይጠፋም። እዚህ ጎጃም ውስጥ ዓይንን በምላጭ የማከም ልማድ ስላለን ይህን ስል ከባዶ ተነሥቼ አይደለም። ቅንድብ መብጣት ማለቴ ነው። ሕፃን ዓይኑ ሲቀላ፣ ሲያለቅስ፣ የዓይን ማዝ ሲይዘው ቅንድቡ ላይ ይበጣል፤ ክፉው ደም ይውጣለት ተብሎ። ቅንድባቸው ላይ ትንንሽ የቆሙ ጠባሳዎች ያሏቸው ሰዎች በዚህ አዳራሽ ውስጥ አያለሁ፤ ከፊት ከተቀመጡት መካከልም አሉ። አያቶቻችን ልጃቸውን ጠልተው አይደለም። ሌላ ምን በእጃቸው ነበር?

ግን ያ ብጣት ምን አከመ? በአማራ ክልል የሕፃናትን ዓይን ከሚያቀሉት ዋና ዋና በሽታዎች አንዱ ትራኮማ ነው። በ1998 ዓ.ም. በአገር አቀፍ ደረጃ በተደረገው የዓይን ጥናት ከ1 እስከ 9 ዓመት ካሉት የክልላችን ሕፃናት 62.6 በመቶው ንቁ ትራኮማ ተገኝቶባቸዋል፤ የአገሩ አማካይ 40.1 በመቶ ነበር። ከሦስት ልጅ ሁለቱ ያህል ማለት ነው። የሚያመጣው ክላሚዲያ ትራኮማቲስ የሚባል ባክቴሪያ ነው፤ መኖሪያው ቅንድብ ላይ አይደለም፣ በላይኛው የዓይን ሽፋን ውስጠኛ ገጽ ነው። ከልጅ ወደ ልጅ በእጅ፣ በፎጣና በዝንብ ይሄዳል። ዓመታት ሲደጋገም ሽፋኑ ውስጥ ጠባሳ ይሠራል፤ ጠባሳው ሽፋኑን ይጎትተዋል፤ የዓይን ፀጉር ወደ ውስጥ ይታጠፍና ብሌኑን ይፍቀዋል። ስንት እናቶቻችን ናቸው ወረንጦ በአንገታቸው አንጠልጥለው ያረጁት! ፀጉሩን ሲነቅሉ፣ ሲበቅል፣ መልሰው ሲነቅሉ። ቅንድብ ሺህ ጊዜ ቢበጣ ያንን ባክቴሪያ አያገኘውም፤ ቦታው ሌላ ነው።

ያገኘው ምንድን ነው? የምታስታውሱት ነው። ካርተር ማዕከል የተባለው ድርጅት ከ2001 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ከክልላችን ጤና ቢሮ ጋር በትራኮማ ላይ ሲሠራ፣ በየቀበሌው ተሰልፈን፣ ምልክት በተደረገበት እንጨት ቁመታችን እየተለካ አዚትሮማይሲን የሚባለውን መድኃኒት ዋጥን። ክኒኑ የሚሰጠው በቁመት ልክ ነበር። አንድ ሽማግሌ እንጨቱ አጠገብ ሲቆሙ «ለውትድርና ነው እንዴ የምትለኩኝ?» ብለው ሰልፉን ሁሉ አሳቁት። ፀጉሩ የታጠፈባቸው ደግሞ በቀላል ቀዶ ጥገና ዳኑ። የሕፃናትን ፊት ማጠብና መጸዳጃ መቆፈር ተጨመረበት። በዚህ ሁሉ ውስጥ ክፉ ደም ይውጣ ብሎ ደም ማፍሰስ አልነበረበትም። በሽታው ግን ከምድራችን ገና አልወጣም፤ የልጆቻችሁን ፊት ጠዋት ጠዋት አስታጥቧቸው።

ደም ማፍሰስ ካልሁ አይቀር ስለ ደም ማነስ ልናገር፤ ለእኔ የነገሩ ከባዱ ክፍል እሱ ነውና። በ2008 ዓ.ም. በተደረገው የኢትዮጵያ የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት ከ15 እስከ 49 ዓመት ካሉት ሴቶች 24 በመቶው፣ ከስድስት ወር እስከ አምስት ዓመት ካሉት ሕፃናት ደግሞ 57 በመቶው ደም አንሷቸው ነበር። ብረት አለበት የሚባለውን ጤፍ የምንበላ ሕዝብ ሆነን! መውለድ፣ ወር በወር የሚፈስ ደም፣ ወባ፣ በባዶ እግር በኩል የሚገባው የመንጠቆ ትል ያስከትሉታል። ደም ያነሳት ሴት ትደክማለች፣ ራሷን ያዞራታል፣ ፊቷ ይገረጣል፤ ፊቷ ሲገረጣ ደግሞ ከዓይኗ ስር ያለው ጥቁረት ጎልቶ ይወጣል። እንግዲህ ይህች ሴት መስታወት አይታ ደነገጠችና ወደ አጋሚ ሄደች እንበል። ራሷን ያዞራታልና፣ ዓይኗ ስር ጠቁሯልና «ደምሽ በዝቶ ነው» ይላታል። ከጎደለው ይቀዳባታል።

እንዲህ ያለች ሴት አውቃለሁ። ስሟንም ቀበሌዋንም አልናገርም። ሁለት ጊዜ ታግማ ሦስተኛውን ለመታገም ስትዘጋጅ ነው ልጇ አባብላ ወደ ላቦራቶሪያችን ያመጣቻት። የዓይኗን የታችኛውን ሽፋን ገልበጥ ሳደርገው ውስጡ እንደ ጥጥ ነጭ ነበር። የብረት ክኒንና የትል መድኃኒት ወሰደች፤ ወራት ፈጀ። ጥቁረቱ ጨርሶ ጠፋላት አልልም። ግን ከዚያ ወዲያ መስታወት ስታይ ስለ ጥቁረቱ አላነሣችብኝም።

የምላጩ ሌላ ጣጣም አለ። አጋሚው ቀንዱን በአፉ ይስባል፤ ቀንዱ ከሰው ወደ ሰው ይዞራል። ስለ ኤች አይ ቪ ስንማር «ስለታም ነገሮችን በጋራ አለመጠቀም» ስንል ያደግነው ለዚህም ነው። ሄፓታይተስ ቢ ደግሞ ከኤች አይ ቪ በቀለለ መንገድ በደም ይተላለፋል፤ በአገራችንም ብዙ ሰው ሳያውቀው ተሸክሞት ይኖራል። የከተማው አጋሚ አዲስ ምላጭ ቢከፍትም ኩባያው የማን ደም እንደነካ ጠይቁ።

አንድ ነገር ሳልናገር እንዳልወርድ። የሁለቱም ዓይን ዙሪያ በድንገት፣ በቀናት ውስጥ ሲጠቁር የቁንጅና ነገር አይደለም። ከዛፍ ወይም ከበቅሎ የወደቀ ሰው ሁለቱም ዓይኖቹ ዙሪያ ከጠቆሩ የራስ ቅሉ ከስር ተሰንጥቆ ሊሆን ይችላል። ምንም ሳይመታ ዓይኑ ዙሪያ የጠቆረበት፣ ወይም አንዱ ዓይኑ ወደ ፊት የወጣበት ሕፃንም በውስጡ ከባድ በሽታ ሊኖርበት ይችላል። እነዚህ በዚያው ቀን ሆስፒታል ይሄዳሉ። ዋግምት አይጠብቁም።

የእህቴ ልጅስ? ኩባያዋን አልቀማኋትም። ሃያ ዓመት ከሞላት ሰው እቃ አይቀማም። በረንዳ ላይ አወጣኋትና መስታወት ሰጠኋት። «ወደ ብርሃኑ ዙሪ፣ ፊትሽን ቀና አድርጊ» አልኋት። ጥቁረቱ ግማሹ ጠፋ፤ ያ ግማሽ ጥላ ነበር። ቀጥሎ ከዓይኗ ስር ያለውን ቆዳ በጣቷ ለስለስ አድርጋ ወደ ታች እንድትወጥረው ነገርኋት። ቀለሙ እንዳለ ቢቀር የቆዳ ቀለም ነው፤ ይበልጥ ወይን ጠጅ ቢመስል የደም ስሩ ነው። የእሷ ወይን ጠጅ ሆነ። «በስንት ሰዓት ነው የምትተኚው?» አልኋት። ስልኩን እያየች ሳቀች። እናቴ ከጓዳ ሆና «ስምንት ሰዓት ሌሊት ላይ ብርሃኑ ይታየኛል!» አለች።

አሁን ንግግሬን አቁሜ ወደ ሥራው ልሂድ። እዚያ በምሥራቁ መስኮት ሦስት መስታወቶች አስቀምጠናል፤ ብርሃኑ እስኪዞር ድረስ አንድ ሰዓት ያህል አለን። ራሳችሁን ማየት የምትፈልጉ በዚያ በኩል ተሰለፉ፤ እጃችሁን መጀመሪያ ታጠቡ፣ ውኃና ሳሙናው በሩ አጠገብ ነው፤ ዛሬ በርበሬ የነካችሁ በተለይ። ሕፃን ይዛችሁ የመጣችሁ እናቶች በዚህ በግራ በኩል ኑ፤ ነርሷ የዓይናቸውን ሽፋን ገልብጣ ታይላችኋለች። ትንሽ ያለቅሳሉ፤ አያምም።